76 ቋሊማ በ10 ደቂቃ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ወር ከደረሱን ጥያቄዎች ስድስቱን እዚህ አንድ ላይ ያደረግናቸው ጉዳያቸው አንድ ስለሆነ ነው፦ የመብላት ውድድር። ሁሉም የተጻፉት ከድሬዳዋና ከሐረር ሲሆን መነሻቸውም ከስልክ ወደ ስልክ የሚዞሩት ቪዲዮዎች ናቸው። ከታች የሚጠቀሱት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ከዚራ ሻይ ቤት ቁጭ ብለን አንድ አሜሪካዊ በ10 ደቂቃ 76 ሆት ዶግ ሲበላ አየን። ጓደኞቼ ‹ቪዲዮው ተቆርጦ የተቀጠለ ነው፣ ተወና አቦ!› አሉኝ። እኔ እውነት ነው ብዬ በምሳ ተወራርጃለሁ። ሰውየው ማን ነው? እንዴት አድርጎ ነው የሚበላው? ለመሆኑ በዚህ ሥራ ይኖራል?»
ብ.፣ ከዚራ

ምሳህን ተቀበል፣ ቪዲዮው አልተቀጠለም። ሰውየው ጆይ ቼስነት ይባላል፤ ቀኑ ጁላይ 4 ቀን 2021፣ ቦታው ኒው ዮርክ ውስጥ ኮኒ አይላንድ የሚባለው የባሕር ዳርቻ ነው። ኔታንስ የተባለው ሆት ዶግ ሻጭ አሜሪካኖች የነጻነት በዓላቸውን በሚያከብሩበት በዚህ ቀን ውድድሩን በየዓመቱ ያካሂዳል። ሆት ዶግ ማለት ረዘም ባለ ለስላሳ ዳቦ መሃል የገባ ቋሊማ ነው (የኔታንሱ የበሬ ሥጋ ነው፤ ይህን ለይቶ የሚጠይቅ ሰው ከድሬ እንደማይጠፋ እናውቃለን)። አንዱ ከነዳቦው ወደ 100 ግራም ይመዝናል። ስለዚህ 76ቱ 7 ኪሎ ተኩል ያልፋሉ፤ ዳቦው የጠጣው ውሃ ሳይቆጠር። ካሎሪው ከ20,000 በላይ ነው፤ ለአንድ ጎልማሳ ወንድ ከሳምንት በላይ የሚበቃ።

ይህን ነገር ዛሬ ባለው መልኩ የቀየረው ግን ቼስነት አይደለም። በ2001 ወደ 60 ኪሎ የሚመዝን ታኬሩ ኮባያሺ የሚባል ጃፓናዊ እዚያው መድረክ ላይ ወጣ። ውድድሩ ያኔ 12 ደቂቃ ነበር፤ ሪከርዱ ደግሞ 25 ገደማ። ኮባያሺ 50 በላ። ውጤት የሚያሳዩት ሰዎች የታተመው ቁጥር አልቆባቸው በወረቀት ላይ በእጃቸው እየጻፉ ማንሳት ጀመሩ።

ዘዴው ቀላል ይመስላል፤ ከእሱ በፊት ግን ማንም እንደዚያ አሟልቶ አልሠራበትም። ሌሎቹ ሆት ዶጉን ሰው ሁሉ እንደሚበላው ከጫፉ እየገመጡ፣ ብቻ ፈጠን እያሉ ነበር የሚበሉት። እሱ ቋሊማውን ከዳቦው ለየ። ቋሊማውን መሃሉ ላይ ሰብሮ ሁለቱን ግማሾች ጎን ለጎን አፉ ውስጥ ከተተ፤ በዚህም መንጋጋው በአንድ ንክሻ የሁለት ንክሻ ሥራ ሠራ። ዳቦውን ውሃ ውስጥ ነክሮ፣ ጨመቅ አድርጎ፣ እንደ ጉርሻ ጠቅልሎ ዋጠው። ቁም ነገሩ ዳቦው ላይ ነው። ደረቅ ዳቦ ምራቅ ይመጥጣል፤ ከአራት አምስት ዳቦ በኋላ አፍ ይደርቃል፣ ጉሮሮም አልዋጥ ይላል። በውሃ የራሰው ዳቦ ግን መታኘክ ብዙም አያስፈልገውም፣ ውስጡ ያለው አየርም ወጥቶ ይሟሽሻል። ከዚህ ሌላ ተወዳዳሪው ቆሞ ይበላል፤ ወገቡን ወዝወዝ እያደረገ ምግቡ እንዲወርድ ይረዳዋል። በአፍንጫው ይተነፍሳል፤ በአንድ ዋጣና በሚቀጥለው መሃል ብቻ። ይህ ምት የተዛባበት ሰው ወይ ይቆማል ወይ ትን ይለዋል።

ኮባያሺ ከ2001 እስከ 2006 ስድስት ጊዜ በተከታታይ አሸነፈ። ቼስነት የመጣው በ2005 ነው፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ። 32 በልቶ ሦስተኛ ወጣ። በሚቀጥለው ዓመት 52 ደርሶ ኮባያሺን ለጥቂት ሳተው፣ በ2007 ደግሞ 66 ለ63 አሸነፈው። ኮባያሺ በዚያ ዓመት የመንጋጋ መገጣጠሚያው ታሞ አፉን እንደ ልብ መክፈት አቅቶት ነበር። የሁለቱ ፉክክር የጦዘው በ2008 ነው። ሰዓቱ ወደ 10 ደቂቃ ተቀንሶ ሁለቱም 59 ላይ ቆሙ፤ ተጨማሪ አምስት አምስት ሆት ዶግ ቀርቦላቸው ቼስነት ቀድሞ ጨረሰ። ከዚያ ወዲህ መድረኩ የእሱ ሆነ ማለት ይቻላል። በ2015 ማት ስቶኒ 62 ለ60 ከረታው በቀር ኮኒ አይላንድ ላይ ቀርቦ አልተሸነፈም። በ2022 እግሩ ተጎድቶ በክራንች መጥቶ፣ መድረክ ላይ የወጣ ተቃዋሚ ሰው አንገቱን ጠምዝዞ ጥሎ፣ ወደ ጠረጴዛው ተመልሶ 63 በላ። በ2025 በ70 ተኩል 17ኛ ድሉን አገኘ።

ገንዘቡን በተመለከተ፦ የኮኒ አይላንድ የአንደኛነት ሽልማት 10,000 ዶላርና ቢጫ ቀበቶ ነው። በዚህ ብቻ ማንም አይኖርም። እንጀራው ያለው ከኩባንያ ጋር በሚደረግ የማስታወቂያ ውልና በሌሎች ውድድሮች ላይ ነው፤ የዶሮ ክንፍ፣ ፓይ፣ ቅቅል እንቁላል (ቼስነት በ2013 በ8 ደቂቃ 141 ቅቅል እንቁላል በልቷል)። ጠቡ የሚነሳውም እዚያው ላይ ነው። ኮባያሺ ከውድድሩ አስተዳዳሪ ድርጅት ጋር በውል ስላልተስማማ በ2010 ሳይወዳደር ቀርቷል፤ ውድድሩ ሲያልቅ መድረኩ ላይ ሊወጣ ሲል ፖሊስ ያዘው። ቼስነትም በ2024 ከዕፅዋት የሚሠራ ሥጋ ከሚያመርት ኩባንያ ጋር በመዋዋሉ ኔታንስ ላይ እንዳይቀርብ ተደረገ። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ላይ ላስ ቬጋስ ሁለቱ የድሮ ባላንጣዎች በ100,000 ዶላር ሽልማት ተገናኙ፤ ዳቦ በውሃ መንከርና ቋሊማውን መለየት ተከልክሎ። ቼስነት 83፣ ኮባያሺ 66። 83 የሚለውን ቁጥር ልብ በል፤ በ2020 አንድ አሜሪካዊ ተመራማሪ የኔታንስን የ39 ዓመት ውጤት መርምሮ የሰው ልጅ በ10 ደቂቃ ሊደርስበት የሚችለው ጣሪያ ይህ ቁጥር ገደማ ነው ብሎ ነበር።

«አጎቴ ጁገል ውስጥ የታወቀ በሊታ ነው፤ ሠርግ ቤት ከእሱ እኩል ቁጭ ብሎ የሚጨርስ የለም። ሆዱም እንደዚያው። ቪዲዮው ላይ የሚያሸንፉት ግን ቀጫጭን ሴቶች ሳይቀሩ ናቸው። ይህ እንዴት ይሆናል?»
ከሐረር፣ ፈረስ መጋላ

የውጭው ሆድና የውስጡ ጨጓራ ለየብቻ ናቸው። ከውጭ የሚታየው ቦርጭ ስብ ነው። ከጨጓራው ፊት ለፊትና ዙሪያውን የተቀመጠ ስብ ጨጓራው ሲነፋ ቦታ ይሻማዋል የሚል ግምት በተወዳዳሪዎቹ ዘንድ አለ። ቀጭን ሰው ሆዱ ሲሞላ ቆዳው ወደ ፊት ይለጠጣል እንጂ የሚገታው ነገር የለም። ሶንያ ቶማስ የምትባል ትውልደ ኮሪያዊት 45 ኪሎ ገደማ ሆና በ2005 በ12 ደቂቃ 37 በልታ ሁለተኛ ወጥታለች፤ ቼስነትን ጨምሮ ከኮባያሺ በታች ያሉትን ወንዶች ሁሉ በልጣ። ሴቶች ለብቻቸው መወዳደር የጀመሩት በ2011 ነው፤ የመጀመሪያዋ አሸናፊም እሷው ነበረች። አሁን ሪከርዱ የሚኪ ሱዶ ነው፣ በ2024 የተመዘገበ 51።

አጎትህ ደግሞ ሌላ ስፖርት ላይ ነው ያለው። ሠርግ ቤት የሚበላው በሦስት አራት ሰዓት ውስጥ፣ በወሬና በለስላሳ እያጣጣመ ነው፤ ጨጓራው ወደ ታች እየሸኘ ነው የሚቀበለው። 10 ደቂቃ ውስጥ ጨጓራ ወደ አንጀት የሚያሳልፈው ነገር እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። የገባው ሁሉ እዚያው ይጠራቀማል። ስለዚህ ወሳኙ ጨጓራው ሳይጨማተር ምን ያህል ይለጠጣል የሚለው ነው።

በ2007 የታተመ የፔንሲልቬንያ ዩኒቨርሲቲ ሐኪሞች ጥናት ይህን በራጅ አሳይቷል። አንድ ተወዳዳሪና አንድ ተራ ሰው ሆት ዶግ እየበሉ ታዩ። ተራው ሰው 7 በልቶ ከዚህ በላይ ከቀመስኩ ያስመልሰኛል አለ፤ ጨጓራውም ብዙ አልተለጠጠም ነበር። ተወዳዳሪው 36 በልቶ ምንም የጥጋብ ስሜት አልነበረውም። ሐኪሞቹ ራሳቸው አስቆሙት። ጨጓራው የላይኛውን ሆድ ሞልቶ፣ እንደ ረገበ ከረጢት ሆኖ፣ ሳይጨማተር ተዘርግቶ ይታይ ነበር። ጤነኛ ጨጓራ ምግብ ሲገባበት ይጨመቃል፣ ይፈጫል፣ ወደ ታች ይገፋል። የዚህኛው ዝም ብሏል።

«ቅዳሜ ከበርጫ በኋላ የመብላት ውድድር እናድርግ የሚሉ ልጆች አሉ። ጫት የበላ ሰው ብዙ መብላት ይችላል?»
ከሳቢያን፣ ድሬዳዋ

አይችልም። ጫት ምግብ ያስጠላል፤ ከጨጓራ ወደ አንጀት የሚደረገውን ጉዞም ያዘገያል። አፍ ይደርቃል፤ ከላይ እንዳየነው ይህ ጨዋታ ያለ ምራቅ አይሆንም። መንጋጋም ከሰዓቱን ሙሉ ሲያኝክ ውሎ ደክሟል። ልብ ደግሞ አስቀድሞ ፈጥኗል። በምርቃና ላይ ያለ ሰው «ይበቃኛል» ለማለት እንደሚዘገይም ቃሚዎቹ ራሳቸው ያውቁታል። በቅዳሜ ፈንታ እሑድ ጠዋት ይደረግ።

«ልጄ 19 ዓመቱ ነው። በስልክ አይቶ ‹ሆድ ማስፋት› ጀምሯል። ጠዋት በባዶ ሆዱ ባለ ሁለት ሊትር ሃይላንድ ሁለቱን በአንድ ጊዜ ይጠጣል። ራሱን ያመዋል፣ አንዳንዴ ያስመልሰዋል። ‹ውሃ ነው፣ ውሃ ምን ያደርጋል› ይለኛል። ምን ልበለው?»
እናት፣ ከአዲስ ከተማ፣ ድሬዳዋ

እናታችን፣ ከስድስቱ ደብዳቤዎች ያሳሰበን የእርስዎ ነው። ዛሬውኑ ያቁም። ቪዲዮዎቹ እውነት ብለዋል፤ አንዳንድ ተወዳዳሪዎች ጨጓራቸውን የሚያለማምዱት ብዙ ውሃ በፍጥነት በመጠጣት ነው። የማይነግሩት ከውድድሩም ከምግቡም ይልቅ ሰው የሚገድለው ይኸው ልምምድ ሊሆን እንደሚችል ነው።

ጤነኛ ኩላሊት በሰዓት ማስወጣት የሚችለው 1 ሊትር ቢደርስ ነው። ልጅዎ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ አራት ሊትር ሲጠጣ፣ ኩላሊቱ የአራት ሰዓት ሥራ ተከምሮበታል ማለት ነው። የተረፈው ውሃ ደም ውስጥ ገብቶ ጨውን፣ በተለይ ሶዲየም የሚባለውን፣ ያቀጥነዋል። ደም ሲቀጥን ውሃው ወደ ሰውነት ሴሎች ይሰርጋል፤ ሴሎቹ ያብጣሉ። ሌላው አካል ሲያብጥ ቦታ አለው፤ አንጎል ግን የራስ ቅል ውስጥ ተዘግቶበታል። እርስዎ ያዩት ራስ ምታትና ማስመለስ የዚህ መጀመሪያ ሊሆን ይችላል። ቀጥሎ የሚመጣው መደናገር፣ ንግግር መጎተት፣ እንቅልፍ እንቅልፍ ማለት፣ ከዚያ እንደ የሚጥል በሽታ ያለ መንዘፍዘፍና ራስን መሳት ነው። በ2007 ካሊፎርኒያ ሳክራሜንቶ ውስጥ በሬዲዮ ጣቢያ የውሃ መጠጣት ውድድር ላይ የተሳተፈች ወጣት እናት በዚሁ ምክንያት በዚያው ቀን ሞታለች።

የድሬ ሙቀት ነገሩን ያባብሰዋል። ኳስ ተጫውቶ ወይም በፀሐይ ሲሠራ ውሎ ያላበው ሰው ጨዉን አስቀድሞ አጥቷል፤ በዚያ ላይ ብዙ ንጹህ ውሃ በአንዴ ሲገባ ደሙ የበለጠ ይቀጥናል።

ውሃ ከጠጣ በኋላ ከተደናገረ ወይም ካንቀላፋ «ይተኛና ይለቀዋል» አይበሉ። ተጨማሪ ውሃ አይስጡት። ጨው በጥብጠው ለማጠጣትም አይሞክሩ፤ ይበልጥ ያስመልሰዋል፣ ራሱን በደንብ የማያውቅ ከሆነም ወደ ሳንባው ይገባል። በጎኑ አስተኝተው ወደ ሆስፒታል ይውሰዱትና ስንት ሊትር በስንት ደቂቃ እንደጠጣ ለሐኪሙ ይንገሩ። ያለዚህ ቃል ሐኪሙ በሙቀት የደከመ መስሎት ግሉኮስ ሊሰቅልለት ይችላል፤ ለዚህ በሽታ ደግሞ ያ ተገላቢጦሽ ነው።

ምን ልበለው ላሉት፦ «ትሞታለህ» ብቻ ቢሉት የ19 ዓመት ልጅ አይሰማም። የሚሰማው ውድድሩን ከሚያስተዳድረው ድርጅት ደንብ ሊሆን ይችላል። ኮኒ አይላንድ ላይ ዕድሜው 18 ያልሞላ አይወዳደርም፤ የሕክምና ባለሙያ ሳይቆም ውድድር አይጀመርም፤ ድርጅቱም ቤት ውስጥ ለብቻ መለማመድን አጥብቆ ይቃወማል። ሻምፒዮኖቹ እንኳ እንዳያደርጉት የሚመከሩትን እሱ ብቻውን ጓሮ ውስጥ እያደረገው ነው።

«እነዚህ ሰዎች ሲያቆሙ ሆዳቸው ወደ ነበረበት ይመለሳል? ወይስ ዕድሜ ልካቸውን እንደዚያ ሲበሉ ይኖራሉ?»
ከሐረር፣ ሸዋ በር

ዕድሜ ልካቸውንማ ቢበሉ ገንዘቡ ከየት ይመጣል! በአዘቦት ቀን ብዙዎቹ እንደ ሰው ነው የሚበሉት፤ ከውድድር በፊት ባሉት ቀናት እንዲያውም ጠጣር ምግብ ትተው ፈሳሽ ላይ ይቆያሉ፣ አንጀት ባዶ እንዲሆን።

ጥያቄህ ግን ከዚህ ይጠልቃል። ሰው ሲጠግብ የሚያውቀው በሁለት መንገድ ነው። አንዱ የጨጓራ ግድግዳ ሲለጠጥ በነርቭ ወደ አንጎል የሚሄደው መልእክት ነው፤ ፈጣን ነው። ሌላው ምግቡ አንጀት ሲደርስ የሚለቀቁት ሆርሞኖች ናቸው፤ እነዚህ ለመድረስ 20 ደቂቃ ገደማ ይፈጅባቸዋል። የ10 ደቂቃ ውድድር ሁለተኛውን መንገድ ቀድሞት ያልቃል። የሚቀረው የመጀመሪያው ነው፤ የተወዳዳሪው የዓመታት ልምምድም ይህን መልእክት ችላ ማለትን መልመድ ነው። ቋሊማ መስበር በአንድ ቀን ይለመዳል። ሻምፒዮኑን ከሌላው የሚለየው «ጠግቤያለሁ» የሚለውን ድምፅ ዝም ማሰኘቱ ነው።

ዝም ያሰኙት ድምፅ በፈለጉት ጊዜ ይናገራል ወይ? ኮባያሺ በ2024 በወጣ ዘጋቢ ፊልም ላይ ረሃብ የሚባል ነገር ከእንግዲህ እንደማይሰማው ተናግሮ፣ ለጤናው ሲል ውድድር ማቆሙን አሳወቀ። ያኔ 46 ዓመቱ ነበር። ጥጋብን ለማጥፋት የሠራ ሰው ረሃብንም አብሮ አጣ ማለት ነው። (በዚያው ዓመት ላስ ቬጋስ ተመልሶ 66 መብላቱን ከላይ አይተናል፤ ማቆም ለአፍም ይከብዳል።) ከላይ የጠቀስነው የፔንሲልቬንያ ተወዳዳሪም ለምርመራ ከተሰጠው ምግብ ከሁለት ሰዓት በኋላ ከጨጓራው የወጣው ሩብ ያህሉ ብቻ ነበር፤ ከተራው ሰው ሦስት አራተኛው ሲወጣ። ሐኪሞቹ የፈሩት ጨጓራው አንድ ቀን ጨርሶ መጨማተር ትቶ ምግብ እንዳያሳልፍ፣ ሰውየውም በማያባራ ማቅለሽለሽና ማስመለስ እንዳይሰቃይ ነው። በሁሉም ላይ ይደርሳል አይባልም። ማን ላይ እንደሚደርስ ግን አስቀድሞ የሚለይ ምርመራ የለም።

«ገንደ ቆሬ ያለን ወጣቶች ለዒድ ማግስት የሳምቡሳ መብላት ውድድር አስበናል፤ 12 ተወዳዳሪ፣ መግቢያው የሚሰበሰበው ለችግረኛ ቤተሰቦች ነው። ምን ምን እናዘጋጅ? ደንቡስ እንዴት ይሁን?»
አስተባባሪዎቹ

አትተዉት፣ ግን አሳጥሩት። 10 ደቂቃ ለሰለጠነ ሰው ነው። ለእናንተ 3 ደቂቃ ይበቃል፤ ተመልካችም አይሰለችም፣ ሰውም ከጥጋቡ ብዙ አያልፍም። «ማን ብዙ በላ» በሚለው ፈንታ «5 ሳምቡሳ ማን ቀድሞ ጨረሰ» ብትሉት ደግሞ ይሻላል፤ መጠኑ ላይ ጣሪያ አለው፣ ፍጥነቱ ግን ያዝናናል።

ሳምቡሳ ለዚህ ነገር አስቸጋሪ ምግብ መሆኑን እወቁ። ሦስቱ ማዕዘኖች ላይ ሊጡ ተደራርቦ ሲጠበስ እንደ ቅርፊት ይጠነክራል፤ በጥድፊያ ያልታኘከ ማዕዘን ጉሮሮ ይቧጥጣል ወይም ይሰነቀራል። ከመጥበሻው የወጣ ሳምቡሳ ደግሞ ውጪው ቢቀዘቅዝም ውስጡ ያለው ምስር እንፋሎት ይዞ ይቆያል፤ የሮጠ ሰው ላንቃውን ያቃጥላል። ስለዚህ ሊጡን ስስ አስደርጉ፣ ማዕዘኑን አታስደራርቡ፣ ውድድሩ ከመጀመሩ ሁለት ሰዓት ቀደም ብሎ ተጠብሶ ይለቅ። የምስር ይሁን፤ የሥጋው በድሬ ሙቀት ሁለት ሰዓት ውጪ መቆየቱ ሌላ ጣጣ ያመጣል። ቃሪያ አይግባበት፤ ሰው እየሳቀና እየሳለ ሲውጥ ነው ትን የሚለው።

መጠኑ እኩል መሆን አለበት። ከአንድ ሰው ይጠበስ፣ አሥሩን በሚዛን መዝኑና ለአሥር አካፍሉ፤ ከአማካዩ በጣም የሚያንሰውንና የሚበልጠውን ለተመልካች ሽጡት። ለእያንዳንዱ ተወዳዳሪ አንድ ሳህን፣ ሁለት ብርጭቆ ውሃ፣ አንድ ቆጣሪ። ቆጣሪው ከተወዳዳሪው ፊት ለፊት እንጂ ከጎኑ አይቁም፤ ፊቱንና አንገቱን ማየት አለበት። ሁሉም ቆመው ይብሉ። ኮኒ አይላንድ ላይ ፊሽካ ሲነፋ አፍ ውስጥ ያለው ከተዋጠ ይቆጠራል። እናንተ ግን «ከፊሽካ በኋላ አፍ ውስጥ የቀረ አይቆጠርም» በሉ። አለበለዚያ መጨረሻዋ ሰከንድ ላይ ሁሉም ጉንጩን ጠቅጥቆ ይሞላል፤ አደጋውም ያኔ ነው። ያስመለሰው ይወጣል። መሬት የወደቀ ፍርፋሪ ከበዛ አንድ ሳምቡሳ ይቀነስበታል።

ከውድድር ጨርሶ የሚገለሉ ምግቦች አሉ፦ ቅቅል እንቁላል (ልሙጥ ነው፣ ሳይታኘክ ይንሸራተታል፣ ጉሮሮን ልክክ አድርጎ ይዘጋል)፣ ሙዝ፣ ደረቅ ዳቦ፣ ኦቾሎኒና ቆሎ፣ ተምር ከነፍሬው፣ ሙሸበክ የሚባለው ጣፋጭም ስለሚጣበቅ። ሐብሐብ በቁራጭ ሆኖ ፍሬው ከወጣለት ከሁሉም ይሻላል፤ የዒዱ ስሜት በሳምቡሳ ነው ካላችሁ ግን ከላይ ያለውን ጠብቁ። ጨጓራ ወይም ጉሮሮ ያመመው፣ ስኳር ያለበት፣ ነፍሰ ጡር የሆነች፣ ዕድሜው ከ18 በታች የሆነ አይግባ።

አሁን ዋናው። ከመካከላችሁ ሁለት ሰው ይህን አጥንቶ ይምጣ፤ ምንም ሌላ ሥራ አይሰጣቸው። ትን ያለው ሰው እያሳለ ከሆነ አትንኩት፤ ሳሉ ከእናንተ እጅ ይበልጣል። ድምፁ ከጠፋ፣ እጁን አንገቱ ላይ ካደረገ፣ ከንፈሩ ከጠቆረ መተንፈሻው ተዘግቷል። እኛ አገር ሁለት ልማዶች አሉ፤ ውሃ ማጠጣትና ቀጥ ብሎ እንደቆመ ጀርባውን መደብደብ። ውሃው ማለፊያ የለውም፤ ቀጥ ያለው ሰው ሲመታም የተሰነቀረው ነገር ይበልጥ ወደ ታች ሊወርድ ይችላል። ከጎኑ ቁሙ፣ ደረቱን በአንድ እጅ ደግፋችሁ ወደ ፊት ጎንበስ አድርጉት፣ በመዳፋችሁ ሥር በሁለቱ ትከሻዎቹ መሃል 5 ጊዜ ጠንክራችሁ ምቱት። ካልወጣ ከኋላው ሆናችሁ አንድ እጃችሁን ጨብጣችሁ ከእምብርቱ ከፍ፣ ከደረቱ አጥንት ዝቅ ብሎ አስቀምጡ፤ በሌላው እጅ ያዙትና ወደ ውስጥና ወደ ላይ 5 ጊዜ ሳቡ። 5 ምት፣ 5 መሳብ፣ እስኪወጣ ድረስ። በጣም ወፍራም ሰው ከሆነ ሆዱን ትታችሁ ደረቱ መሃል ላይ ሳቡ።

ራሱን ከሳተ መሬት ላይ በጀርባው አስተኙትና ደረቱ መሃል ላይ መጫን ጀምሩ፣ 30 ጊዜ። አፉን ከፍታችሁ የሚታይ ነገር ካለ ብቻ አውጡ፤ በጭፍን ጣት መክተት ይበልጥ ይገፋዋል። ከዚያ ሁለት ትንፋሽ ስጡትና እንደገና 30። ሁለተኛው ሰው ገና ከመጀመሪያው ምት ጋር ለቀይ መስቀል አምቡላንስ 907 ይደውል። «ሆስፒታሉ ቅርብ ነው፣ በባጃጅ እናድርሰው» አትበሉ፤ አየር ያጣ አንጎል ከአራት ደቂቃ በኋላ መጎዳት ይጀምራል፣ ባጃጅ ውስጥ ደግሞ ማንም ደረት መጫን አይችልም።

ሆዱ ተስቦ የዳነ ሰው ደህና ነኝ ቢልም በዚያው ቀን ሐኪም ይየው፤ መሳቡ ውስጥ ሊጎዳ ይችላል። ለ12 ተወዳዳሪ 5 እያላችሁ 60 ሳምቡሳ ይበቃችኋል፤ 80 አስጠብሱ፣ ሚዛን የማያልፈው አይጠፋምና።